ተነሱ የሚለው ዘፈን

ዘፈኑን የጻፍኩት ሰበታ፣ አንድ ክር ፋብሪካ ውስጥ የጥራት ተቆጣጣሪ ሆኜ በምሠራበት ጊዜ ነው። ቤቴ ቡራዩ ነበር። ጠዋት ከቡራዩ ዊንጌት፣ ከዊንጌት አየር ጤና፣ ከአየር ጤና ሰበታ፤ ማታ ደግሞ ያንኑ መንገድ ወደ ኋላ። እዚያው ሰበታ ቤት ለምን እንደማልከራይ የሥራ ባልደረቦቼ ሲጠይቁኝ "የምጫወትበት ባንድ ቡራዩ ነው" እላቸዋለሁ። ይስቃሉ። እኔም ታክሲ ሰልፍ ላይ ቆሜ ሳስበው አንዳንዴ ያስቀኝ ነበር።

ሦስት ነበርን። ጊታር የሚመታው ሰውዬ በርና መስኮት የሚበይድ፣ እዚያው ቡራዩ ተወልዶ ያደገ የገበሬ ልጅ ነው። በዕድሜ በጣም ስለሚበልጠኝ ጋሼ እለዋለሁ፤ አንቱታውን ግን በመጀመሪያው ልምምድ ላይ "አንቱ እየተባልኩ ሮክ አልጫወትም" ብሎ አስተወኝ። የአባቱ መሬት ተሸንሽኖ ለቤት መሥሪያ ሲሰጥ ወንድሞቹ በካሳው ሚኒባስ ገዙ፤ እሱ የብየዳ ማሽንና አንድ ቀይ ጊታር ገዛ። እናቱ ለጊታሩ እስከ ዛሬ ይቅር አላሉትም።

ድራም የሚመታው ልጅ ሱሉልታ ሱቅ ካላቸው ሙስሊም ነጋዴዎች ቤት ነው። አባቱ ከስልጤ በልጅነታቸው መጥተው የከፈቱት፣ ከሚስማር እስከ ስኳር የሚሸጥበት ሱቅ ነው። ልጃቸው እሑድ እሑድ ቡራዩ የሚሄደው ከበያጁ የበር ማጠፊያ ለመግዛት ነው ብሎ ነግሯቸዋል። ውሸታም ላለመሆንም በየሳምንቱ እየገዛ ይመለሳል። አንድ ጊዜ ሱቃቸው ሄጄ ከመደርደሪያው ሥር ሳይ፣ ሱሉልታ በሙሉ በሩን ነቅሎ እንደገና ቢገጥም የማይጨርሰው ማጠፊያ ተከምሯል።

እኔ ቤዝ እመታለሁ፣ እዘፍናለሁም። ቤዙን የተማርኩት ጸሎት ቤታችን መዘምራን ውስጥ ነው። ድምፄ ወፍራም ስለሆነ ለመዝሙር አይሆንም ብለው፣ ዝም ብዬ እንዳልቀመጥ የሰጡኝ መሣሪያ ነው።

የምንለማመደው ብየዳ ቤቱ ውስጥ ነበር። ጎረቤት ድሮም ጩኸቱን ለምዶታል። ላሜራውን ወደ ግድግዳው እናስጠጋና ድራሙን መሀል ላይ እንተክላለን፤ መብራት ካለ እንጫወታለን፣ ከሄደ ተቀምጠን እናወራለን። ያን ዓመት ካወራነው የተጫወትነው ያንሳል።

ከብየዳ ቤቱ ፊት ለፊት፣ መንገዱን ተሻግሮ፣ ባለቤቱ ጀምሮ የተወው ባለ አራት ፎቅ ጅምር ሕንፃ አለ። እዚያ ውስጥ አምስት ልጆች ያድሩ ነበር። ልጆች እላለሁ እንጂ ትልቋ አሥራ ስምንት ሳይሞላት አይቀርም። እጅጌው ጣቷን የሚሸፍን የወንድ ጃኬት ትለብሳለች። ጠዋት ሥራ ስሄድ ካርቶናቸውን ጠቅልለው ሲወጡ አያቸዋለሁ። ድካም ላይ ነበርኩና፣ ከእኔ ቀድሞ የደከመ ሰው ሳይ ነገሩ ከልቤ አልወጣ አለ። ታክሲ ውስጥ ሆኜ ስለ እነሱ ግጥም ጻፍኩ። "ብርዱ ነው ልብሳቸው፣ ጨለማው ነው ቤታቸው" የሚል ነበር። ጋሼ ዜማ አወጣለት፣ ልጁ ድራሙን ጫነበት፣ እኛ ወደድነው።

አንድ እሑድ ከሰዓት በኋላ እሱን ስንጫወት ባለ ጃኬቷ ልጅ ከጓደኞቿ ጋር በሩ ላይ መጥታ ቆመች። ጨርሰን ዝም ስንል ጋሼን አየችውና፣

"ኦቦ፣ እኛን ነው እንዴ?" አለችው።

ጋሼ ወደ እኔ ጠቆመ። "እሷን ጠይቂያት። ጸሐፊዋ እሷ ናት።"

"አዎ፣ ስለ እናንተ ነው" አልኳት።

"ብርድ ብርድ ትያለሽ" አለች። እየተቆጣች አልነበረም፤ እንዲያውም ሳቅ ብላለች። "ብርድ ምን አለው? ብርድ ይለመዳል። ተጠጋግተሽ ትተኛለሽ።"

"ታዲያ የማይለመደው ምንድን ነው?"

አላሰበችም። "መቀስቀስ" አለች። "እንቅልፍ ይዞሽ ጥርግ ሲያደርግሽ ዘበኛ ይመጣል፣ ካኣ! ይልሻል። ትሄጂና ሌላ ቦታ ጋደም ትያለሽ፣ ዝናብ ይመጣል። እሱ ሲያባራ ጠራጊዎቹ ይመጣሉ፣ ተነሱ ይላሉ። እኔ ብርድ አይደለም የገደለኝ። አንድ ሌሊት ሙሉ፣ ከዳር እስከ ዳር ተኝቼ አላውቅም፤ ከቤት ከወጣሁ ወዲህ።"

ካኣ በኦሮምኛ ተነሱ ማለት ነው። የሕንፃው ዘበኛ ሲቀሰቅሳቸው እዚያው ሰፈር ካለው ቤቴ እኔም እሰማው ነበር፤ ሰምቼ ግን ምን እየሰማሁ እንደሆነ አስቤው አላውቅም።

ቤቷ የት እንደነበር ጋሼ በኦሮምኛ ጠየቃት። ከጫንጮ ወዲህ፣ መንገድ ዳር አለች። አባቷ መሬቱን አስረክበው ካሳ ተቀበሉ። ካሳው ሲያልቅ አባቷ ሥራ ፍለጋ እንደወጡ ቀሩ፤ እናቷም ብዙ አልቆዩም። "በራችን የነበረበት ቦታ ላይ አሁን ዘበኛ ቆሟል" አለችው። ጋሼ ጊታሩን ከትከሻው አወረደና ለሁሉም ዳቦና ሻይ እንዲመጣ ላከ። ያን ቀን ሌላ ዘፈን አልተጫወትንም።

ግጥሙን ቀደድኩትና እንደገና ጻፍኩ። ተነሱ ይላል ዘበኛው፣ ሕንፃው ባለቤት አለው። ተነሱ ይላል ዝናቡ፣ ጣሪያው ገና አልመጣም። ተነሱ ይላል ጠራጊው፣ አገሩ ሊነጋ ነው። ከዚያ ጊታሩ ይቆምና ሦስታችንም፦ እሺ ተነሳን፣ ወዴት ነው? አዝማቹ ላይ ድራሙ እየወረደ "ካኣ! ካኣ!" ይባላል። ልጅቷ በሚቀጥለው እሑድ ሰምታው፣ "ካኣ እንደዚህ አይባልም፤ አንቺ እየለመንሽ ነው" አለችኝ። ከዚያ እሷ ራሷ አለችው። የብረቱ በር የተንቀጠቀጠ መሰለኝ። ጋሼ "በቃ፣ ይህን ቦታ አንቺ ነሽ የምትይው" አላት። ሌላ አንድ መስመርም ጨመረች፤ "ወዴት ነው?" ካልነው በኋላ በቀጭኑ፣ ብቻዋን፣ "ኤሳ ዴምና?" ትላለች። ወዴት እንሂድ ማለት ነው።

እዚያው ቡራዩ፣ አንድ አዳራሽ ውስጥ፣ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ በተዘጋጀ የወጣቶች ዝግጅት ላይ ተጫወትነው። ሕዝቡ የመጣው ለቀልደኞቹ ነበር። ልጅቷ ፀጉሯን ታጥባ የእኔን ጫማ አድርጋለች፤ ትንሽ ይሰፋታል፣ ካልሲ ደርባበታለች። የመጀመሪያዎቹ ረድፎች ጆሮአቸውን ያዙ። አዝማቹ ሁለተኛ ሲመጣ ግን ከኋላ ያሉት ተማሪዎች አብረው መጮህ ጀመሩ፤ በሦስተኛው ቆሙ። ስንወርድ አንዲት ሴትዮ ልጅቷን "የየትኛው ዩኒቨርሲቲ ተማሪ ነሽ የኔ ቆንጆ?" አለቻት። ልጅቷ ሳቋን መቆጣጠር አቅቷት ጃኬቷ ውስጥ ገባች። ያን ያህል ደስ ብሏት አይቻት አላውቅም።

አንድ ሰው በስልኩ ቀርጾት ኖሯል። ድምፁ የተበላሸ፣ ቤዙ የማይሰማ ቅጂ ነው፤ ግን ከስልክ ወደ ስልክ ተሻገረ። ዘፈን በሚሞሪ የሚጭኑ ሱቆች "የቡራዩ ልጆች" ብለው ሰጡት። ልጁ ሱሉልታ ውስጥ ሰማሁት አለ። እኔም አየር ጤና ላይ ታክሲ ውስጥ ሰማሁት። ሾፌሩ "ይሄ ሙዚቃ ሳይሆን ራስ ምታት ነው" አለና ድምፁን ጨመረው።

ከዚያ ማስተር ፕላኑ መጣ። ማለቴ፣ ወሬው ቀድሞም ነበር። አዲስ አበባንና በዙሪያዋ ያሉትን ከተሞች አንድ ላይ የሚያቅድ ነው ሲባል፣ ቡራዩ፣ ሰበታ፣ ሱሉልታ ያለ ገበሬ ሁሉ ቀጥሎ የሚሄደው የማን ማሳ እንደሆነ ይቆጥር ጀመር። ተማሪዎች ለተቃውሞ ወጡ። በአምቦ በኩል ያለው መንገድ ይዘጋል፣ ይከፈታል፣ እንደገና ይዘጋል። ጠዋት ከቤት ስወጣ ማታ በየት እንደምመለስ አላውቅም። ፋብሪካ ውስጥ ከእኔ ቀጥሎ የምትሠራው ሴት አንድ ሰኞ ጥቁር ለብሳ መጣች። ታናሽ ወንድሟ ነው። ማንም ጮክ ብሎ አልጠየቃትም። ማሽኑ ይዞራል፣ እሷ የተበጠሰውን ክር ትቀጥላለች፣ እንባዋ ይወርዳል። እኔም አጠገቧ ቆሜ ክር አያለሁ። የዚያን ዘመን ነገር ሳስታውስ ከጭሱና ከተኩሱ በፊት የሚመጣብኝ ይህ ነው፤ ሁሉም ሰው ሥራ መግባቱ።

አንድ ቀን ጭስ ታየ ተብሎ ፋብሪካው ከሰዓት በኋላ በጊዜ ለቀቀን። ትራንስፖርት የለም። ብዙ ሆነን በእግር ወደ አለም ገና ተነሳን። መንገዱ ላይ ድንጋይ ተደርድሮ ወጣቶች ቆመዋል፤ አንዱ ስልኩን ከትንሽ ስፒከር ጋር አያይዞ አጥር ላይ ሰቅሎታል። የሚጮኸው የልጅቷ ድምፅ ነው። ካኣ! ካኣ! እነሱም ክንዳቸውን እያነሱ ይከተሉታል። አዝማቹን ብቻ ቆርጠው፣ ደጋግሞ እንዲመጣ አድርገውታል። "ወዴት ነው?" የሚለው የለም። ዘበኛው የለም፣ ዝናቡ የለም።

አንድ ልጅ መንገዴ ላይ ቆመ። ፊቱ በጥላሸት ጠቁሯል፤ የታመመ ይመስላል።

"ኤሳ ዴምታ?" አለኝ። ወዴት ነው የምትሄጂው ማለቱ ነው።

"መነ" አልኩት፤ ቤት።

"ደርቢ" ብሎ እጁን አወዛወዘ፤ እለፊ። አለፍኩ። ድምፄ ከኋላዬ፣ ከልጅቷ ድምፅ ሥር፣ ደከም ብሎ ይሰማኝ ነበር። የእኔ ነው ብዬ ማንን ላስቆም? እግሬ ቆስሏል፤ ገና አየር ጤና እንኳን አልደረስኩም።

በዚያው ሳምንት ሁለት ሰዎች ብየዳ ቤቱ መጡ። ለጸጥታ ነው የምንሠራው አሉ። እሑድ ስለነበር ሦስታችንም አለን። አንደኛው በሩ ላይ ቀረ፤ ሌላው፣ ዓይኑ የቀላው፣ የብረት በርሜል ላይ ተቀመጠ።

"ተነሱ የምትሉት ማንን ነው?" አለ።

"እኛ አይደለንም የምንለው" አለ ጋሼ። "ዘበኛው ነው።"

"የት ያለ ዘበኛ?"

"ዘፈኑ ውስጥ ያለ።"

"እሺ፣ እሱስ ማንን ነው ተነሱ የሚለው?"

"የተኙትን።"

ሰውዬው ጓደኛውን አየው። "የተኛው ማን ነው? ሕዝቡ ነው?"

"ኧረ ልጆቹ ናቸው!" አልኩ እኔ። "እዚህ ፊት ለፊት፣ ሕንፃው ላይ የሚያድሩት። ዘበኛ ይቀሰቅሳቸዋል፣ መሄጃ የላቸውም። ዘፈኑ ይኸው ነው።"

"ካኣስ? ለምን በኦሮምኛ ሆነ?"

"ዘበኛው የሚናገረው በኦሮምኛ ነዋ!" አለ ጋሼ። "ጉራጌ ቢሆን በጉራጊኛ እንለው ነበር።"

ልጁ ከድራሙ ኋላ ሆኖ ሳቁ አመለጠው። ሰውዬው አልተቆጣም። ፊቱን በሁለት እጁ አሸት አሸት አደረገ። "ስሙ" አለ፣ "እኔም እንቅልፍ ካየሁ ቆየሁ። ጠይቅ ተባልኩ፣ ጠየቅኩ። ይህን ዘፈን ግን ከዛሬ ጀምሮ አትጫወቱትም።" አምፕሊፋየሩን ለጊዜው ብለው ይዘውት ሄዱ። በሩ ላይ የቆመው ሰው ተሸክሞት ሲወጣ ገመዱ መሬት ይጎተት ነበር፤ ጋሼ ሮጦ ጠቀለለለት።

በማግስቱ ደግሞ የሰፈሩ ወጣቶች መጡ። ይህን የነገረኝ ጋሼ ነው፤ እኔ ሰበታ ነበርኩ። ከብበውት ቆመው፣ "ኦቦ፣ ነገ ከእኛ ጋር ትወጣለህ፣ ዘፈኑን ትጫወታለህ" አሉት።

"ዘፈኑ ስለዚህ አይደለም" አላቸው። "ስለ ጎዳና ልጆች ነው።"

ከመካከላቸው አንዱ፣ ጋሼ ከልጅነቱ የሚያውቀው፣ "የአባትህ ማሳ የት ነው ኦቦ?" አለው።

"የት እንደሆነ አንተም ታውቃለህ። ቤት ተሠርቶበታል።"

"ያቺ ካኣ የምትለው ልጅስ? ከየት መጣች? የማን ማሳ ላይ ነበረች? ታዲያ ዘፈኑ ስለምን ነው የምትለን?"

ወጣቱ ያለው እውነት ነው። ጋሼ የነገራቸውም እውነት ነው። በማግስቱ አልወጣም፤ ብየዳ ቤቱንም አልከፈተም። ቤቱ ተቀምጦ ዋለ። ወንድሞቹ "ፈሪ" አሉት፣ እናቱ ደግሞ ጊታሩን ረግመው "ዛሬ እንኳን ጠቀመህ፣ ቤት አስቀመጠህ" አሉት።

ልጅቷን ስለ ሁሉም ነገር ምን እንደምታስብ ጠየቅኳት። ሕንፃው ደረጃ ላይ ተቀምጣ ሸንኮራ ትበላ ነበር።

"ተነሱ አሉ፣ ተነሳን" አለችኝ። "እታች ጎማ አቃጠሉ፤ ጭሱ ፎቅ ድረስ ወጣ። መች ያስተኛል?" ከዚያ ከሸንኮራው ገመጠችና፣ "ግን ድምፄን ወደዱት አይደል?" አለች።

"በጣም።"

"እሺ" አለችና አገዳውን ተፋች።

ከተማ ሲታመስ መጀመሪያ የሚታፈሰው ጎዳና ላይ ያለው ነው፤ ጠያቂ የለውማ። አንድ ረቡዕ ጠዋት መኪና መጥቶ ሕንፃውን ባዶ አደረገው። ጋሼ መበየጃ መነጽሩን እንዳደረገ መንገድ ተሻግሮ ሮጠ፣ አብሮ ሊጫን ምንም አልቀረውም ነበር አሉ። "ሠራተኛዬ ናት" ብሏቸዋል። "የት ነው የምትሠራው?" ሲሉት ከጊታርና ከድራም በቀር የሚያሳየው ነገር አልነበረም።

ፈለግናት። ጋሼ ቡራዩ ውስጥ ያልጠየቀው ሰው የለም። ልጁ ሱሉልታ ጠየቀ። እኔ ከሥራ ስወጣ ሰበታ፣ ሰዎች ወደዚያ ተወስደዋል ወደሚባልበት ግቢ ሄድኩ። በሩ ላይ ያለው ሰው "ምኗ ነሽ?" አለኝ።

"እህቷ ነኝ።"

"የአባታችሁ ስም ማን ነው?"

የእኔን አባት ስም እንጂ የእሷን አባት ስም አላውቅም ነበር። ስንት ወር አብራን ዘፍናለች፣ ዳቦ በልታለች፣ ጫማዬን አድርጋለች፤ የአባቷን ስም አልጠየቅኳትም። ሰውዬው ገብቶታል መሰለኝ፣ "ሂጂ እህቴ፣ ይመሻል" አለኝ። ረጅሙን መንገድ ቆሜ ነው የተመለስኩት፤ ታክሲው ውስጥ መቀመጫ አልነበረም።

ክረምቱ ሊገባ ሲል፣ አንድ እሑድ፣ መጣች። ፀጉሯ ተላጭቷል። ጃኬቱ የለም፣ የማላውቀው ሹራብ ለብሳለች፤ በጣም ከስታለች። ከአምስቱ ሁለቱ አብረዋት መጥተዋል። አንዱን ዘመዶቹ ወሰዱት አለች። የአምስተኛውን እሷም አታውቅም። የት እንደነበረች፣ ምን እንደገጠማት ጋሼ ሊጠይቃት ሲጀምር፣

"ኦቦ፣ እዚህ ልተኛ?" አለችው።

ከላሜራው ኋላ ካርቶን አነጠፈላት። የአንድ ግቢ በር በማግስቱ ማስረከብ ነበረበትና ሥራ ላይ ነው። "ቆይ፣ ላቁምልሽ" አላት። "ሥራ፣ ሥራ" አለችው፤ ከዚያ በኋላ አልሰማችም። ብረት መቁረጫው ይጮሃል፣ መዶሻው ይወርዳል፣ እሳቱ ይረጫል፤ እሷ ተኝታለች። ልጁ ከሱሉልታ ሲደርስ በጣቴ አሳየሁት፤ ድራሙ ጋ ሳይደርስ መሬት ተቀመጠ። የበሩ ባለቤት መጥቶ "ደረሰ ወይ?" ብሎ ድምፁን ከፍ ሲያደርግ፣ ጋሼ መቁረጫው በእጁ ውስጥ እያጓራ፣ ጣቱን ከንፈሩ ላይ አድርጎ "ቀስ፣ ሰው ተኝቷል!" ብሎ ጮኸበት። ሰውዬው ግራ ገብቶት አየን። እኔና ልጁ አፋችንን ይዘን ወደ ውጭ ወጣን። ስቀን ስንጨርስ ልጁ እያለቀሰ ነበር።

በዚያው ሰሞን ልጁ ለአባቱ ስለ እሷ ነገራቸው፤ ለመንገር ደግሞ ድራሙንም መንገር ነበረበት። አባቱ ጨርሰው ሰሙትና፣ "ቤት ውስጥ ጠረጴዛ ስትደበድብ የማልሰማህ ይመስልሃል?" አሉት። ከዚያ፣ "ልጅቷ ከብት ታውቃለች? ሳር ታውቃለች?" ብለው ጠየቁ። የገበሬ ልጅ ናት አላቸው። ከእሳቸው ሱቅ ጀርባ ድርቆሽ የሚነግድ ደንበኛ ነበራቸው፤ አናግረውላት ሱሉልታ ሄደች። ከሁለቱ ጓደኞቿ አንዷን ይዛ ሄደች።

ፕላኑ በበጋው ቀርቷል ተብሎ ነበር። ሁከቱ ግን አልቀረም፤ ዓመቱን ሙሉ እየበረደ፣ እየተነሳ ቆየ። አምፕሊፋየሩን መለሱልን። ውጭ ተቀምጦ ዝናብ ገብቶበታል፤ ጋሼ ፈታታው፣ ነፋው፣ አልሠራም። ሌላ እናምጣ የሚል ሰው ከሦስታችን አልተገኘም። እኔ እሑድ እሑድ መተኛት ጀመርኩ። ልጁ አባቱ ሲታመሙ ሱቁን ተረከበ። ጅምሩ ሕንፃ አዲስ ባለቤት አግኝቶ ሥራ ሲጀመር፣ የመስኮቶቹን ፍርግርግ የሠራው ጋሼ ነው። ጥሩ ሥራ ነበር። ሲገጥም አይቼዋለሁ፤ ፎቅ ላይ ሆኖ እየጠራኝ እጁን አውለበለበልኝ፤ እኔም አውለበለብኩና ወደ ታክሲው ሄድኩ።

ልጅቷን ያየኋት ከዓመት በላይ ቆይቼ ነው። የልጁን አባት ለመጠየቅ ሱሉልታ ሄጄ ስመለስ፣ ታክሲ የሚቆምበት አካባቢ የድርቆሽ ክምር ላይ ቆማ አየኋት። ፀጉሯ አድጎ ሻሽ አስራለች፤ የሳር ስባሪ ተጣብቆባታል። ወረደችና ሳመችኝ። ወፍራለች።

"አከም ጅርታ?" አልኳት፤ እንዴት ነሽ።

"ኦሮምኛሽ አሁንም ይገርማል" አለችኝ። ከጓደኛዋ ጋር አንድ ክፍል እንደተከራዩ ነገረችኝ። አከራይዋ ክፉ ናት፣ ውኃ ትቆልፋለች። ከዚያ፣ "ሰበታ ያለሽበት ሰው ይቀጥራሉ እንዴ? ለጓደኛዬ ነው። እዚህ ሳሩ ያስላታል።"

"ይቀጥራሉ። ግን መንገዱ ይገድላል።"

"መንገድ ምን አለው?" አለች።

ከእንጦጦ በኩል ደመናው ጠቁሮ መጣ። የድርቆሹ ነጋዴ ከሱቁ ደጃፍ "ሸራውን! ሳሩ በሰበሰ!" እያለ ይጮሃል። አንዱን ጫፍ እሷ፣ ሌላውን እኔ ይዘን ጎተትን። ነፋሱ ሸራውን ከእጄ ነጠቀኝ፣ እንደገና ያዝኩት፤ እሷ ክምሩ ላይ ወጥታ በጉልበቷ ተጫነችው፣ እኔ ከታች ድንጋይ አስቀመጥኩበት። በዚህ መሀል ታክሲዬ ሞልቶ ሄደ። ሌላ እስኪመጣ ክምሩን ተጠግተን ቆምን። ዝናቡ ጀመረ። ስለ ፈረቃው ጠየቀችኝ፣ ሰርቪስ እንዳለ ጠየቀችኝ፣ የሚቀጥሩት የትምህርት ማስረጃ ይፈልጉ እንደሆነ ጠየቀችኝ። የማውቀውን ሁሉ ነገርኳት። ለጓደኛዋ ሰኞ ጠዋት ፋብሪካው በር ላይ እንድትጠብቀኝ፣ ሹራብ ደርባ እንድትመጣ፣ መጀመሪያ የምታገኛትን የቅጥር ክፍል ሴትዮ ደግሞ አንቱ ብላ እንድታናግራት እንድትነግርልኝ አደራ አልኳት።